ውል፦ ሕልምን ከሕልም ስለሚያገናኝ፣ እኔው ስለፈጠርኩት ኃይል

ደብተሩ ላይ የተጻፈው ይሄ ነው፦ «አባባ። ጎንበስ ብሎ፣ ከጠረጴዛ ሥር። መነጽር ይፈልጋል። አላየኝም።»

ጽሑፉ የተንጋደደ ነው። መብራት ሳላበራ፣ አንድ ዓይኔን እንኳ በቅጡ ሳልገልጥ ነው የጻፍኩት። ሕልም ቶሎ ካልያዙት እንደሚተን ስለማውቅ ከተማሪነቴ ጀምሮ ከትራሴ አጠገብ ደብተርና እርሳስ አይጠፋም።

ከሁለት ሰዓት በኋላ እትዬ ደወለች። ታላቅ እህቴ ናት፤ የምትኖረው ከእኔ በጣም ሩቅ ነው፤ ጠዋት የመደወል ልማድም አልነበራትም። ሰላምታውን ሳትጨርስ «አንተ ልጅ፣ ሌሊት አባባን አየሁት» አለችኝ።

«ምን ሲያደርግ?»

«ምን ያደርጋል፣ ያን መነጽሩን ሲፈልግ ነዋ።»

አባታችን ካረፈ ስድስት ዓመት ሆኖታል። በሕይወት ሳለ መነጽሩን ግንባሩ ላይ ሰቅሎ ቤቱን ሲያምስ እኔና እትዬ ዓይን ለዓይን ተያይተን ሳቃችንን እናፍን ነበር። ያን ጠዋት ግን አልሳቅንም። ደብተሩን አነበብኩላት። ዝም አለች። እኔም ዝም አልኩ። ስልኩን ሳንዘጋ እንዲሁ ቆየን።

ከዚህ በታች የማወራለት ኃይል በዓለም ላይ የለም፤ የፈጠርኩት እኔ ነኝ። ከዚያ ጠዋት ጀምሮ ልብ ወለድ እየጻፍኩ ነው። በውስጡ የሰዎችን ሕልም እርስ በርስ የሚያያይዝ የማይታይ ኃይል አለ። ኃይሉ ደግሞ ሕግ ያስፈልገዋል፤ ሕግ የሌለው ኃይል ድግምት ነው፤ ድግምት የፈለገውን ሁሉ ስለሚያደርግ አንባቢን አያስጨንቅም። እኔ የምፈልገው አንባቢው ሌሊት መብራቱን ሲያጠፋ «ቢሆንስ?» እንዲል ነው።

ለስሙ አልተቸገርኩም። ውል አልኩት። ውል የልቃቂት ጫፍ ነው፤ እሱ ከጠፋ ክሩ ሁሉ እጃችን ላይ እያለ መፍታት አንችልም። ውል የሁለት ሰዎች ስምምነትም ነው። ከሁሉ የምወደው ግን ሦስተኛውን ነው፦ የራቀ ሰው ወይም የቆየ ነገር ድንገት ብልጭ ሲልብን «ውል አለኝ» እንላለን። ማን እንዳስታወሰን አናውቅም፤ ብቻ ውል ይለናል። እነዚህን ሦስቱን በአንድ ቃል ይዞ ለኖረ ቋንቋ ሌላ ስም ፈልጎ ማምጣት ነውር መሰለኝ።

ለሕጎቹ መነሻ ፍለጋ ሳነብ ነው ሐንስ በርገርን ያገኘሁት። ጀርመናዊ ነው። እ.ኤ.አ. በ1890ዎቹ መጀመሪያ፣ ወጣት ወታደር ሳለ፣ በልምምድ ላይ ፈረሱ ደንብሮ ጣለው። የወደቀው በፈረሶች ከሚጎተት መድፍ መንኮራኩር ፊት ነበር። መንኮራኩሩ ሊጨፈልቀው ትንሽ ሲቀረው ቆመ፤ ተረፈ። በዚያው ቀን ማታ ከአባቱ ቴሌግራም ደረሰው፤ ስለ ደኅንነቱ የሚጠይቅ። ያስላከችው እህቱ ናት። ሩቅ ቤት ተቀምጣ ወንድሟ ላይ ክፉ ነገር እንደደረሰ ስለተሰማት አባቷን እረፍት ነስታ አስጻፈችው።

እዚህ ላይ ስደርስ ንባቡን ትቼ ለእትዬ ደወልኩ። «እህቱ ናት!» አልኳት፤ ምንም ሳላስረዳት። የምናገረውን ለማስተካከል ጊዜ ወሰደብኝ።

በርገር ዕድሜውን ሙሉ ያን ቴሌግራም አልረሳውም። የሥነ ፈለክ ሊቅ የመሆን ሐሳቡን ትቶ ሕክምና ተማረ፤ በየና ከተማ የአእምሮ ሐኪም ሆነ። ሐሳብ ጉልበት ካለው ጉልበቱ ይለካል ብሎ ያምን ነበር። በአንጎል ውስጥ የሚዘዋወረውን ደም ለካ፤ የአንጎልን ሙቀት ለካ፤ አልሆነለትም። በመጨረሻ፣ በ1924፣ ከሰው ራስ ላይ የኤሌክትሪክ ሞገድ ለመመዝገብ በቃ። የገዛ መሣሪያውን ሳይተማመንበት አምስት ዓመት ቆይቶ በ1929 አሳተመው። ዛሬ በየሆስፒታሉ ያለው ኢኢጂ የምንለው ምርመራ የተወለደው እንዲህ ነው። የመጀመሪያው ምክንያት የእህቱ ጭንቀት ነበር።

የሚያሳዝነኝም የሚያስደንቀኝም ያገኘው ነገር ዓይነት ነው። ሞገዱ በጣም ደካማ ነው፤ የቮልት ሚሊዮንኛ እጅ በሚባል መስፈሪያ የሚለካ፣ ራስ ቆዳ ላይ ኤሌክትሮድ ካልተለጠፈ የማይያዝ። ከሰው ወደ ሰው የሚሻገረውን ሲፈልግ ከራስ ቅል ብዙ የማይርቀውን አገኘ። እኔ ግን ፍለጋው ከንቱ ሆነ የሚሉትን አልቀበልም። የእሱ መሣሪያ ባይኖር በ1953 በቺካጎ ዩኒቨርሲቲ ዩጂን አሰሪንስኪና ናትናኤል ክላይትማን የተኛ ሰው ዓይን ከሽፋኑ ሥር እየተወረወረ አንጎሉ እንደነቃ ሰው የሚሆንበትን ጊዜ ለይተው ባላወቁ ነበር። አሰሪንስኪ ሲጀምር ኤሌክትሮዱን ከለጠፈባቸው ሰዎች አንዱ የስምንት ዓመት ልጁ ነው። በዚያ ሰዓት የተቀሰቀሱ ሰዎች ብዙውን ጊዜ ሕልም ይናገራሉ። ያ እንቅልፍ ሬም ተባለ።

የውል የመጀመሪያ ሕግ የመጣው ከዚህ ነው፦ ሁለቱም ሰዎች በአንድ ጊዜ ሬም ውስጥ መሆን አለባቸው።

ይህን ከጻፍኩ በኋላ ቁጭ ብዬ አሰላሁት። አዋቂ ሰው ሬም ውስጥ የሚያሳልፈው ከእንቅልፉ ሩብ ገደማ ነው። ስምንት ሰዓት ለሚተኛ ሰው ሩቡ 120 ደቂቃ ይሆናል። የሁለት ሰዎች ሬም አንዱ ለሌላው ሳይጨነቅ እንደመጣ ቢመጣ፣ የሚገጣጠመው የሩቡ ሩብ ነው፦ 30 ደቂቃ። በሌሊት ውስጥ ግማሽ ሰዓት። በዚያ ላይ ሬም እኩል ተበታትኖ አይመጣም። በየ90 ደቂቃው ገደማ ይመላለሳል፤ መጀመሪያ ላይ አጭር ነው፤ ወደ ንጋት እየረዘመ ይሄዳል። ስለዚህ እኩል ተኝተው እኩል ለሚነሱ ሰዎች መስኮቱ በይበልጥ የሚከፈተው ሊነጋጋ ሲል ነው። የደብተሬ ጽሑፍም የንጋት ነው።

ከዚህ ስሌት አንዲት ገጸ ባሕርይ ተወለደችልኝ። የሌሊት ተረኛ ነርስ ናት። ሌላው ሲነሳ ትተኛለች፤ ሌላው ሲተኛ ትነሳለች። ከምትወዳቸው ሰዎች ጋር አንድም ደቂቃ አትጋራም። ውል ባለበት ዓለም የእሷ ሕልም የብቻዋ ነው፤ ዝም ያለ፣ ሰው የሌለበት። ከፈጠርኳቸው ሁሉ አብልጬ የማስባት እሷን ነው። አሁን አሁን ሌሊት የሚሠራ ሰው ሳገኝ ምን እንደሚያልም መጠየቅ እፈልጋለሁ፤ እስካሁን ደፍሬ የጠየቅኩት የለም።

ሁለተኛው ሕግ ስለ ርቀት ነው፤ እዚህ ላይ ፊዚክስ ክፉኛ ተጣላኝ። አንጎል የማግኔት መስክ አለው፤ ዴቪድ ኮኸን በ1968 ለክቶታል። ደስ ብሎኝ ነበር። ከዚያ መጠኑን አነበብኩ። የኮምፓስ መርፌ የሚያዞረው የመሬት የማግኔት መስክ ከእሱ በአስር ሚሊዮኖች እጥፍ ይበልጣል። የአንጎሉን ለመለካት የውጭው መስክ እንዳይገባ ተደርጎ የተሠራ ልዩ ክፍል ያስፈልጋል፤ ያም ሆኖ መለኪያው ራስ አጠገብ መሆን አለበት። እንዲህ ያለ ሹክሹክታ ከክፍል ወደ ክፍል አይሻገርም፤ እትዬ ያለችበትማ የማይታሰብ ነው።

እዚህ ችግር ላይ ሲደርሱ «ኳንተም»፣ ማለትም የጥቃቅን ቅንጣቶች ፊዚክስ፣ ብለው የሚያልፉ አሉ። እኔ አልፈልግም። ሁለት የተቆራኙ ቅንጣቶች ምንም ቢራራቁ ሲለኩ ውጤታቸው ይገጣጠማል፤ ነገር ግን በቁርኝቱ ብቻ መልእክት መላክ አይቻልም፤ ይህ የራሱ የፊዚክሱ ሕግ ነው። ሰው ያልገባውን ነገር በሌላ ባልገባው ነገር ሲያስረዳ አንባቢውን እንደመናቅ ይመስለኛል። እውነተኛውን ሳይንስ ላላከብረው ከሆነ ለምን አነበብኩት?

ስለዚህ ውል ሞገድ አይደለም፤ አይጓዝም። በሁለት ሰዎች መካከል ቀድሞ የተዘረጋ ነው። አብረው በኖሩባቸው ዓመታት ተፈትሎ ያለቀ። ርቀት አያሳሳውም። የሚያሳሳው ዝምታ ነው፤ ሁለቱ ሰዎች ሳይነጋገሩ የሚያልፉት ጊዜ። ይህን ሕግ ስጽፍ እኔና እትዬ ከዚያ ጠዋት በፊት በሁለት ወር አንዴ እንኳ በቅጡ አናወራም እንደነበር ትዝ አለኝ፤ ብዕሩን አስቀመጥኩ።

ከእትዬ ጋር የተጻጻፍነውን መልእክት ወደ ኋላ ማንበብ የጀመርኩትም ያን ዕለት ነው። ምን ያህል ዝም ተባብለን እንደነበር ልቆጥር ብዬ ነበር። ያገኘሁት ግን ፎቶ ነው።

ከሕልሙ ስድስት ቀን በፊት የተላከ ነው። አባባ ጠረጴዛው ላይ ተቀምጧል፤ ጋዜጣ ይዟል፤ መነጽሩ ግንባሩ ላይ ነው። ከሥሩ እትዬ «እዚህች ላይ ምን እየፈለገ እንደነበር ገምት» ብላለች። እኔ ልብ አድርጌ እንኳ አልመለስኩላትም፤ ሥራ ላይ ነበርኩ መሰለኝ፤ አንድ የሳቅ ምልክት ልኬ አለፍኩ። ፈጽሞ ረስቼው ነበር። እሷም ረስታው ነበር።

ሕልም አጥኚዎች በደንብ የሚያውቁት ነገር አለ። ቀን ያየነው ነገር ወደ ሕልማችን የሚገባው ብዙውን ጊዜ ወይ በዚያው ሌሊት ነው፤ ወይ ደግሞ መሀል ላይ ጠፍቶ ይሰነብትና ከአምስት እስከ ሰባት ባሉት ቀናት ውስጥ ይመለሳል። ስድስት ቀን። ፎቶው በአንድ ቀን ወደ ሁለታችን ገባ፤ በአንድ ሌሊት ከሁለታችንም ወጣ። የሚያስደንቅ ምን ቀረ? ምንም።

አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጬ ቀረሁ። አባባን ለሁለተኛ ጊዜ የተነጠቅኩ መሰለኝ። ሁለት ሳምንት አልጻፍኩም። በመጨረሻ ለእትዬ ነገርኳት፤ ይቅርታ እንደሚጠይቅ ሰው ሆኜ፦ ሕልማችን ከፎቶ የመጣ ነው፣ ምንም የተሻገረ ነገር የለም።

ጥቂት አሰበችና «ፎቶውን ማን ላከው?» አለችኝ።

«አንቺ።»

«እና ተሻገረ አይደል እንዴ?»

ሦስተኛውን ሕግ የሰጠችኝ እሷ ናት። በድሮው ረቂቄ ውል ምስል ያመላልስ ነበር፤ እንደ ቱቦ። ያንን ሰረዝኩት። አሁን ውል ምንም አያመላልስም። የሚሻገረው ሁሉ በቀን ነው የሚሻገረው፤ በፎቶ፣ በስልክ፣ ሲያልፉ በተጣለ ቃል፣ ፊት ላይ ታይቶ በተረሳ ነገር። የውል ሥራ አንድ ብቻ ነው፦ ሁለት ሰዎች የየራሳቸው ውስጥ ያስቀመጡትን በአንድ ሌሊት መክፈት። ሰዓቱን ይመርጣል እንጂ ዕቃውን አያመጣም። ከሚታወቀው ሳይንስ ጋር ሳይጋጭ፣ ልብ ወለዱ የሚቀመጥባት ቀጭን ክፍተት ያገኘሁት እዚህ ነው። ከአምስት እስከ ሰባት ባሉት ቀናት መሀል አምስተኛው ይሁን ሰባተኛው የሚወስነው ምንድን ነው? በታሪኬ ውስጥ ወሳኙ ውል ነው።

ቱቦው መቅረቱ አይቆጨኝም። በ1960ዎቹና በ1970ዎቹ ኒው ዮርክ ብሩክሊን በሚገኘው የማይሞኒደስ የሕክምና ማዕከል ሞንታግ ኡልማንና ስታንሊ ክሪፕነር ይህንኑ በቁም ነገር ሞክረውታል። አንዱ ሰው በሌላ ክፍል ሆኖ ሥዕል ላይ ያተኩራል፤ ተኝቶ ያለው ሰው ሬም ላይ ሲሆን ይቀሰቀስና ሕልሙን ይናገራል፤ ሌሎች ሰዎች ደግሞ ሕልሙ ከየትኛው ሥዕል ጋር እንደሚቀራረብ ይፈርዳሉ። በ1971 አንድ ታዋቂ የሮክ ባንድ በሚጫወትባቸው ስድስት ሌሊቶች አዳራሽ ሙሉ ታዳሚ ሥዕል እያየ፣ ሩቅ ለተኛ ሰው እንዲልክ ተጠይቋል። ተመራማሪዎቹ ውጤት አገኘን አሉ፤ ሌሎች ሲደግሙት ግን አልጸናም። የታዳሚው ነገር ሁልጊዜ ይታየኛል። ያ ሁሉ የማይተዋወቅ ሰው ለአንድ የተኛ ሰው ሥዕል ሲመኝለት። በውል ሕግ ግን አይሠራም፤ አብረውት አልኖሩም፤ ቀን ላይ ያስቀመጡለት ነገር የለም።

ሁሉም ሰው የሚያየውን ሕልም በውል አልቆጥረውም። መባረር፣ መውደቅ፣ ለፈተና መዘግየት፤ እነዚህን ለማየት ክር አያስፈልግም፤ አንድ ዓይነት አካልና አንድ ዓይነት ፍርሃት ይበቃል።

ይልቅ የፈራሁት ሌላ ነገር ነው። «ሕልም እንደ ፈቺው ነው» ይባላል፤ እኔ እንደ ተራኪውም ነው እላለሁ። ያን ጠዋት እትዬ መጀመሪያ የነገረችኝ «መነጽሩን ሲፈልግ» ብቻ ነው። ከጠረጴዛ ሥር ያልኩት እኔ ነኝ፤ ከደብተሬ ያነበብኩላት። ዛሬ ብትጠይቋት ጠረጴዛውንም አየሁት ትላለች፤ አትዋሽም፤ በእርግጥም አሁን ይታያታል። እኔም በፈንታዬ አባባ የለበሰው ሹራብ ይታየኛል፤ ደብተሬ ላይ ግን ሹራብ የለም፤ ሹራቡ የእሷ ነው። ሁለት ሕልም ስልኩ ላይ ተገናኝቶ አንድ ሆነ። ይህ በእንቅልፍ ሳይሆን ቁጭ ብለን፣ ነቅተን የሆነ ነው፤ ከፈጠርኩት ኃይል ይልቅ ይሄ አንዳንዴ ያስፈራኛል።

ከዚያ ወዲህ ደንብ አወጣን። መጀመሪያ መጻፍ፤ ከዚያ መላክ፤ ከዚያ ማውራት። እሷ በድምፅ ትልካለች፤ እኔ የደብተሩን ፎቶ። አብዛኛው አይገናኝም። እሷ ባቡር ታልማለች፤ እኔ የማላውቀው ሰው ቁልፍ ሲሰጠኝ። ሳይገናኝ ሲቀርም ጥሩ ነው፤ ያኔ ሙሉውን እንተራረካለን እንጂ አንቸኩልም።

ስለ ሳይንሱ አንድ ነገር ብቻ ልጨምር፤ ሳነበው እጄ ስለተንቀጠቀጠ። በ1975 በእንግሊዝ፣ ሐል ዩኒቨርሲቲ፣ ኪት ኸርን የሚባል ተመራማሪ አለን ወርስሊ የሚባል ሰው እያስተኛ ይመዘግብ ነበር። ወርስሊ በሕልሙ ውስጥ ሕልም ላይ መሆኑን የሚያውቅ ሰው ነው። ሬም ላይ አካል አይንቀሳቀስም፤ ዓይን ግን ይንቀሳቀሳል። ስለዚህ ሕልም ላይ መሆኑን ሲያውቅ ዓይኑን ወደ ግራና ወደ ቀኝ ቀድመው በተስማሙት መሠረት አንቀሳቀሰ፤ መሣሪያውም መዘገበው። ከሕልም ወደ ውጭ የተላከ መልእክት! በ2021 ደግሞ በአሜሪካ፣ በፈረንሳይ፣ በጀርመንና በኔዘርላንድስ ያሉ አራት ቡድኖች 36 ሰዎችን አሳትፈው የሁለት አቅጣጫ ንግግር ሞከሩ። አንዱን ተኝቶ ሳለ ከስምንት ስድስት ሲቀነስ ስንት እንደሆነ ጠየቁት፤ ዓይኑን ሁለት ጊዜ ወደ ግራና ወደ ቀኝ አንቀሳቀሰ። ሁለት።

ሁልጊዜ የተሳካ አይደለም፤ ከተሳካው ያልተሳካው ይበልጣል። ግን ሆኗል። በሕልምና በክፍሉ መካከል ያለው ግድግዳ ድምፅ የሚያሳልፍ ነው ማለት ነው። በልብ ወለዴ ሰባተኛ ምዕራፍ ነርሷ የምትወደው በሽተኛ አጠገብ ተቀምጣ፣ ዓይኑ ከሽፋኑ ሥር ሲንቀሳቀስ እያየች፣ ቀስ ብላ ስሙን ትጠራዋለች። በሕልም ልታገኘው ስለማትችል በቀረላት መንገድ ነው የምትገባው። ያን ምዕራፍ አሥራ አንድ ጊዜ ጽፌዋለሁ።

የቀረኝ አራተኛው ሕግ ነው። ስለ ሙታን ነው። ውል በሁለት ሰዎች መካከል የተዘረጋ ክር ከሆነ፣ አንዱ ሲሞት ጫፉ ምን ይሆናል? በሎጂክ ካሰብኩት መልሱ ቀላል ነው፤ የሞተ ሰው አይተኛም፤ ሬም የለውም፤ የመጀመሪያው ሕግ ይዘጋበታል። ሕጌን ለማክበር አባባ ከታሪኩ መውጣት አለበት። ለእትዬ ይህን ስነግራት አልተቆጣችም፤ «የእሱ ጫፍ እኛ ጋ ነው ያለው፤ አንዱ አንተ ጋ፣ አንዱ እኔ ጋ። ከእሱ ምን ትፈልጋለህ?» አለችኝ። ትክክል ሳትሆን አትቀርም። እንዲያ ከሆነ እኔና እሷ በአንድ ንጋት የከፈትነው ሦስተኛ ሰው ያስቀመጠውን ነው፤ ሕጉም ሳይፈርስ ይቆማል።

ግን አንድ ልመና አላት። በመጨረሻው ምዕራፍ አባባ መነጽሩን እንዲያገኝ ትፈልጋለች። ግንባሩን ዳሶ፣ አውርዶ፣ አጥልቆ ቀና እንዲልና እንዲያየን። በየጠዋቱ ከምትልከው ድምፅ መጨረሻ ላይ «ጻፍከው?» ትላለች። ትዕይንቱ በጭንቅላቴ ውስጥ አልቋል፤ ቃላቱም አሉ። መነጽሩን ካገኘ ግን ወደ ሕልማችን ምን ፍለጋ ይመጣል? እስካሁን አልጻፍኩትም።